መስከረም 9 ከማለዳው አንድ ሰዓት፤ የሜክሲኮ ልብስ ሰፊ ሴቶች

ለአዲስ አበባ ነዋሪ «ሜክሲኮ» የሚለው ስም እንግዳ አይደለም። ማለዳ ወደ ሥራ የሚጣደፈው ሠራተኛ፣ ልጇን ትምህርት ቤት አድርሳ የምትመለሰው እናት፣ በሜክሲኮ አደባባይ የማያልፍ ጥቂት ነው። አደባባዩ ይህን ስም ያገኘው ፋሺስት ኢጣልያ አገራችንን በወረረች ጊዜ ወረራውን አንቀበልም ብለው ከቆሙት ጥቂት አገሮች መካከል ሜክሲኮ አንዷ ስለ ነበረች ነው። በሜክሲኮ ዋና ከተማም በበኩሉ በኢትዮጵያ ስም የሚጠራ የምድር ውስጥ ባቡር ጣቢያ አለ።

በዚያች ከተማ በአንድ ማለዳ ስለ ደረሰው ታላቅ የመሬት መንቀጥቀጥ፣ በተለይም አደጋው በእናቶችና በሴት ሠራተኞች ላይ ስላደረሰው ጉዳትና እነርሱ ከዚያ በኋላ ስላደረጉት ነገር በዛሬው ዓምዳችን እናወጋለን። ታሪኩ የሩቅ አገር ታሪክ ቢሆንም የስፌት መኪና ላይ ለምትውል፣ ፎቅ ላይ ለምትሠራ፣ ልጆቿን ቤት ትታ ለምትወጣ ሴት ሁሉ የሚነግረው ቁም ነገር አለው።

ያ ማለዳ

ዕለቱ ሐሙስ፣ መስከረም 9 ቀን 1978 ዓ.ም. ነበር። ፈረንጆች ሴፕቴምበር 19 ይሉታል። በሜክሲኮ ከተማ ሰዓት አቆጣጠር ከጠዋቱ 1 ሰዓት ከ17 ደቂቃ ሲሆን ምድር መወዛወዝ ጀመረች። ሰዓቱ ቤተሰብ የሚለያይበት ሰዓት ነው። አንዳንዱ ቁርስ ላይ ነበር፤ አንዳንዱ አውቶቡስ ይጠብቅ ነበር፤ የማለዳ ፈረቃ ያላቸው ሠራተኞች ግን ሥራ ገበታቸው ላይ ተቀምጠዋል።

የመንቀጥቀጡ ኃይል በመለኪያው 8 ገደማ ነበር። ውዝዋዜው በከተማይቱ ዝቅተኛ ሰፈሮች ከአንድ ደቂቃ በላይ ቆየ። በዚህ አጭር ጊዜ ከ400 በላይ ሕንፃዎች ፈረሱ፤ ከ3,000 በላይ የሚሆኑት ደግሞ ክፉኛ ተጎዱ። የስልክ ማዕከሉ በመፍረሱ ከተማይቱ ከቀረው ዓለም ጋር የምትገናኝበት መስመር ተቋረጠ። በሌላ አገር የሚኖሩ ልጆች እናታቸው በሕይወት መኖሯን ለማወቅ ቀናት መጠበቅ ግድ ሆነባቸው። በማግሥቱ ምሽት፣ ሰዎች ፍርስራሽ ላይ ሆነው ወገኖቻቸውን ሲፈልጉ ሳለ፣ ከ7 ነጥብ በላይ የሆነ ሁለተኛ መንቀጥቀጥ መጣ። አንደኛው ያላላቸው ግድግዳዎች በሁለተኛው ወደቁ።

የሟቾቹ ቁጥር እስከ ዛሬ ድረስ ያከራክራል። ከ5,000 እስከ 10,000 የሚሉ አሉ፤ ከዚያም በብዙ እጥፍ የሚበልጥ ነው የሚሉ አሉ። ቁጥሩ በትክክል ያልታወቀበት አንዱ ምክንያት፣ ከዚህ በታች እንደምናየው፣ ከሞቱት ውስጥ ስማቸው በየትኛውም የሠራተኛ መዝገብ ላይ ያልሰፈረ ሴቶች ስለነበሩ ነው።

ምድር ለምን ተናወጠች?

የምንቆምበት ምድር አንድ ወጥ ድንጋይ አይደለም። የላይኛው ቅርፊት ተሰነጣጥቆ ወደ ብዙ ሰፋፊ ንጣፎች የተከፋፈለ ነው፤ ንጣፎቹም ቀስ እያሉ ይጓዛሉ። በሜክሲኮ የምዕራብ ጠረፍ፣ ኮኮስ የሚባለው የውቅያኖስ ወለል ንጣፍ ሰሜን አሜሪካን ከተሸከመው ንጣፍ ሥር እየሾለከ ወደ ምድር ሆድ ይገባል። ፍጥነቱ በዓመት ጥቂት ሳንቲ ሜትር ብቻ ነው፤ የጣት ጥፍር በዓመት ከሚያድገው ብዙም አይርቅም።

ችግሩ ጉዞው የተለሳለሰ አለመሆኑ ላይ ነው። ሁለቱ ንጣፎች በሚገናኙበት ስፍራ ድንጋይ ከድንጋይ ጋር ተጣብቆ ይያዛል። ታችኛው መጓዙን ስለማይተው የላይኛውን ጠረፍ ቀስ በቀስ እየጎተተ ያጎብጠዋል። ይህ ለአሥርና ለመቶ ዓመታት ይቀጥላል። በመጨረሻ የተያዘው ስፍራ ሲለቅ፣ የተጠራቀመው ኃይል በሴኮንዶች ውስጥ ይፈታል። የዓለማችን እጅግ ኃይለኛ መንቀጥቀጦች፣ የቺሊውም ሆነ የጃፓኑ፣ የሚነሡት እንዲህ ካለው ስፍራ ነው። የሜክሲኮው የተነሣው ሚቾአካን ከሚባለው ክፍለ ሀገር ጠረፍ ሲሆን፣ ከዋና ከተማይቱ ከ350 ኪሎ ሜትር በላይ ይርቃል።

ታዲያ ይህን ያህል ርቆ የተነሣ መንቀጥቀጥ እዚያው ጠረፍ ላይ ካሉት ከተሞች ይልቅ ዋና ከተማይቱን ለምን አብዝቶ አጠፋ? መልሱ ከተማይቱ ከተቀመጠችበት አፈር ላይ ይገኛል።

በሐይቅ ላይ የተቀመጠች ከተማ

የሜክሲኮ ከተማ እምብርት ጥንት ሐይቅ ነበር። አዝቴክ የተባለው ሕዝብ ከተማውን የቆረቆረው በቴሽኮኮ ሐይቅ መካከል ባለች ደሴት ላይ ነው። ከጊዜ በኋላ ስፔናውያን አገሩን ሲይዙ ሐይቁ እየደረቀ ሄደ፤ ከሥሩ የቀረው ግን ውኃ ያቆረ ለስላሳ ጭቃ ነው። በሳህን ላይ የተገላበጠ የረጋ እርጎ ሳህኑ በትንሹ ሲነካ እንዴት እንደሚርገፈገፍ ማንኛዋም የቤት እመቤት ታውቃለች። የከተማይቱ ወለልም እንዲሁ ሆነ። በዙሪያው ባለው ኮረብታ፣ በጠንካራው መሬት ላይ ከተለካው ይልቅ፣ በሐይቁ ጭቃ ላይ የተለካው ንቅናቄ አምስት እጥፍ ገደማ በልጦ ተገኘ።

ሌላም ነገር አለ። ልጇን ዥዋዥዌ የምታጫውት እናት እንደምታውቀው፣ ዥዋዥዌው ተመልሶ ሊሄድ ሲል በልኩ ከተገፋ በትንሽ ጉልበት ከፍ ከፍ ይላል። ያለ ጊዜው ከተገፋ ደግሞ ይቆማል። የሐይቁ ጭቃ አንድ ጊዜ ሄዶ ለመመለስ ሁለት ሴኮንድ ያህል ይወስድበት ነበር። ከ6 እስከ 15 ፎቅ ያላቸው ሕንፃዎች የሚወዛወዙበት ልክ ደግሞ ከዚህ ጋር ይቀራረባል። ስለዚህ ምድር እነርሱን ልክ በጊዜያቸው ትገፋቸው ጀመር። ዝቅተኛ የሆኑት አሮጌ ቤቶች ብዙዎቹ ተረፉ። ላቲኖአሜሪካና የተባለው 44 ፎቅ ያለው ግንብም፣ ቀድሞውኑ መንቀጥቀጥ ታስቦለት በጥልቅ መሠረት ላይ የተሠራ ነበርና፣ ቆሞ ቀረ። የፈረሱት በአብዛኛው መካከለኛ ቁመት ያላቸው ናቸው፤ የመኖሪያ ፎቆች፣ ሆስፒታሎች፣ መሥሪያ ቤቶችና የስፌት ፋብሪካዎች።

የተፈጥሮ ድርሻ እዚህ ላይ ያበቃል። ከዚህ በኋላ ያለው የሰው ሥራ ነው። የትኛው ሕንፃ በምን ሲሚንቶና በምን ብረት እንደተሠራ፣ በየፎቁ ምን ያህል ክብደት እንደተጫነ፣ ማን በየትኛው ክፍል እንዲሠራ እንደተደረገ የወሰነችው ምድር አይደለችም።

በማዋለጃው ክፍል

ከወደቁት ሕንፃዎች መካከል ሁለት ታላላቅ የሕዝብ ሆስፒታሎች ይገኙበታል። የሁዋሬዝ ሆስፒታል 12 ፎቅ ያለው ሕንፃ እላይ በላይ ተደራርቦ ተቀመጠ። በጠቅላላ ሆስፒታሉ ደግሞ የወደቀው እናቶች የሚወልዱበት ክፍል ነበር። አራሶች፣ አዋላጆች፣ ነርሶችና በሥልጠና ላይ የነበሩ ወጣት ሐኪሞች ከፍርስራሹ ሥር ቀሩ።

ተስፋ በተቆረጠበት ሰዓት ግን ከወደ ሥር የሕፃን ልቅሶ ተሰማ። ፈላጊዎቹ ዝም እንዲባል እጃቸውን እያነሡ፣ ሞተር እያስጠፉ፣ ጆሮአቸውን ከኮንክሪቱ ላይ እየለጠፉ አዳመጡ። ከተወለዱ ጥቂት ሰዓት ወይም ጥቂት ቀን ብቻ የሆናቸው ጨቅላዎች አንድ በአንድ በሕይወት ወጡ፤ አንዳንዶቹ የወጡት ከብዙ ቀናት በኋላ ነው። ሕዝቡ «የተአምር ሕፃናት» አላቸው። ከእነርሱ ውስጥ እናቶቻቸውን ዳግመኛ ያላዩ ነበሩ።

እነዚህን ሕፃናት ለማውጣት የገቡት በአብዛኛው ሙያተኞች አልነበሩም። የመንግሥቱ አካላት በመጀመሪያዎቹ ሰዓታት ግራ ተጋብተው ሳለ፣ ተማሪው፣ የቤት እመቤቲቱ፣ መካኒኩና የጉልበት ሠራተኛው በገዛ ፈቃዱ ወጣ። አካፋ ያለው በአካፋ፣ ባልዲ ያለው በባልዲ፣ ምንም የሌለው በባዶ እጁ ቆፈረ። ሴቶች ከጫፍ እስከ ጫፍ ተሰልፈው ድንጋይ ተቀባበሉ፤ በየመንገዱ ድስት ጥደው ቆፋሪውን መገቡ። ትላቴሎልኮ በተባለው ሰፈር፣ ትልቅ የመኖሪያ ሕንፃ ወድቆ ብዙ ቤተሰብ ባለቀበት ስፍራ፣ በጠባብ ቀዳዳ እየተሳቡ ገብተው ሰው የሚያወጡ ወጣቶች ተነሡ። ሕዝቡ «ፍልፈሎች» ብሎ ጠራቸው። ቡድናቸው ኋላ በሌሎች አገሮች ጭምር፣ በኤል ሳልቫዶርና በሄይቲ፣ ከመሬት መንቀጥቀጥ ፍርስራሽ ሰው ለማውጣት ተጉዟል።

የሳን አንቶንዮ አባድ መንገድ

ከመሐል ከተማይቱ ወደ ደቡብ የሚወስደው መንገድ ሳን አንቶንዮ አባድ ይባላል። በዚህ መንገድ ዙሪያ ባሉ ፎቆች በመቶ የሚቆጠሩ የልብስ ስፌት ድርጅቶች ተደርድረው ነበር። ቀሚስ፣ ሸሚዝ፣ ጂንስ ሱሪና የውስጥ ልብስ ይሰፋባቸዋል። ሰፊዎቹ ከሞላ ጎደል ሁሉም ሴቶች ነበሩ። ብዙዎቹ ከገጠር የመጡ፣ ብዙዎቹም ልጆቻቸውን ብቻቸውን የሚያሳድጉ እናቶች ናቸው።

የሥራው ጠባይ ምን ይመስል እንደነበር በኋላ የተረፉት ሴቶች ራሳቸው ተናግረዋል። ክፍያ የሚታሰበው በተሰፋው ልብስ ብዛት ነው። የሥራ ውል የሌላቸው፣ የጡረታና የሕክምና ዋስትና ያልተመዘገበላቸው ብዙ ነበሩ። ማኅበር አለ የተባለበት ፋብሪካም ቢሆን ማኅበሩ በወረቀት ላይ ያለ፣ ሠራተኛዋ ሹሞቹን አይታ የማታውቅ ነበር። ሕንፃዎቹ ለፋብሪካ ታስበው የተሠሩ ባይሆኑም በየፎቁ ከባድ የስፌት መኪናና የጣቃ ጨርቅ ክምር ተጭኖባቸው ነበር።

መስከረም 9 ማለዳ፣ በ1 ሰዓት ሥራ የሚጀምሩት ገብተው ተቀምጠዋል፤ ዘግይተው የሚገቡት ገና መንገድ ላይ ነበሩ። የሕይወትና የሞት ልዩነት ይህ ሆነ። ዘግይተው የደረሱት ያገኙት ፎቅ በፎቅ ላይ ተነባብሮ፣ በመካከሉ የጣቃ ጫፍ ተንጠልጥሎ ነው። ከውስጥ የባልደረቦቻቸው ድምፅ ይሰማ ነበር። በከተማይቱ በዚያ ቀን የሞቱት ልብስ ሰፊዎች 600 ናቸው የሚል ግምት አለ፤ 1,600 ይደርሳሉ የሚልም አለ። በግምት የቀረው ያልተመዘገበ ሠራተኛ ሲሞትም ስለማይቆጠር ነው።

ሴቶቹን ግን ከሞቱ ይበልጥ ያንገበገባቸው ቀጥሎ የመጣው ነገር ነው። አንዳንድ ባለንብረቶች ወደ ፍርስራሹ ሠራተኛና መኪና ይዘው መጡ፤ የመጡት ግን የስፌት መኪናቸውን፣ ጨርቃቸውንና የገንዘብ ሣጥናቸውን ለማውጣት ነበር። የእናቶቹና የእኅቶቹ አስከሬን ገና ከሥር ሳለ መኪናው ቀድሞ ወጣ። ደጅ የቆመው ቤተሰብ ይህን በዓይኑ አየ። ነገሩ በጋዜጣ ሲወጣ መላው አገር ተቆጣ።

ድንኳን የተተከለበት ደጅ

የተረፉት ልብስ ሰፊዎች ወደ ቤታቸው ገብተው ማልቀስ ይችሉ ነበር። ነገር ግን ሥራ የለም፤ የወሩ ደመወዝ አልተከፈለም፤ ለዓመታት ያገለገሉበት ካሣ አልታሰበም። በከተማይቱ በአሥር ሺዎች የሚቆጠሩ የስፌት ሠራተኞች በአንድ ጊዜ ሥራ ፈት ሆነዋል። ስለዚህ እዚያው ሳን አንቶንዮ አባድ ላይ፣ በፈረሰው ፋብሪካ ደጅ ድንኳን ተከሉ። ሌሊትና ቀን ተራ ገብተው ጠበቁ፤ የባልደረቦቻቸው አስከሬን እስኪወጣና የእነርሱም ካሣ እስኪከፈል ድረስ ንብረቱ ከስፍራው እንዳይወሰድ ከለከሉ።

ድንኳኑ መጀመሪያ የኀዘን ድንኳን ነበር፤ ቀስ በቀስ ግን የመማሪያ ስፍራ ሆነ። የሕግ ባለሙያዎች እየመጡ የሠራተኛ ሕግ ምን እንደሚል አስረዷቸው። የሴቶች ቡድኖች ምግብና ብርድ ልብስ ይዘው መጡ። ከተለያዩ ፋብሪካዎች የመጡት ሴቶች ተቀምጠው ሲነጋገሩ፣ እያንዳንዷ የእኔ ብቻ ነው ብላ ለዓመታት የቻለችው ችግር የሁሉም ሆኖ አገኙት። አሠሪ ፊት ቀና ብላ ተናግራ የማታውቅ ሴት በሰልፍ ፊት ድምፅ ማጉያ ይዛ መናገር ጀመረች።

በጥቅምት ወር ሰልፍ አድርገው እስከ ፕሬዚዳንቱ ጽሕፈት ቤት ድረስ ሄዱ። አደጋው በደረሰ በወሩ፣ ጥቅምት 10 ቀን 1978 ዓ.ም.፣ የራሳቸው ማኅበር በሕግ ተመዘገበ። ስሙንም የአደጋውን ቀን ወስደው «ሴፕቴምበር 19 የልብስ ስፌት ሠራተኞች ብሔራዊ ማኅበር» አሉት። የመጀመሪያዋ ዋና ጸሐፊ ወይዘሮ ኤቫንጀሊና ኮሮና ነበሩ። እኚህ ሴት ከገጠር መጥተው በመጀመሪያ በሰው ቤት በሠራተኛነት ያገለገሉ፣ ኋላም በስፌት መኪና ላይ የዋሉ እናት ናቸው። በ1984 ዓ.ም. ደግሞ የአገሪቱ ምክር ቤት አባል ለመሆን በቁ።

ማኅበሩ ሁሉን ነገር አላሸነፈም። አንዳንድ ባለንብረቶች ፋብሪካቸውን ዘግተው ስም ለውጠው ሌላ ቦታ ከፈቱ፤ የማኅበሩን አባል ላለመቅጠር የተስማሙም ነበሩ። ያም ሆኖ ብዙ ሴቶች ካሣቸውን አግኝተዋል። ሥራ ያጡት ደግሞ በለመዱት መርፌና ክር የጨርቅ አሻንጉሊት እየሠሩ ለሽያጭ አቀረቡ፤ የታወቁ ሠዓልያንም ንድፍ እያወጡ አገዟቸው። በዚያ መንገድ ላይ ዛሬ በስፌት መኪናዋ ላይ የተቀመጠች ሴት ሐውልት ቆሞ ይታያል።

ቤት ለፈረሰባቸው

በመሐል ከተማይቱ አሮጌ ሰፈሮች ብዙ ቤተሰብ አንድ ግቢ፣ አንድ የውኃ ቧንቧና አንድ የልብስ ማጠቢያ ተጋርቶ ይኖር ነበር። የእኛን የመሐል ከተማ ግቢ ያየ ሰው ኑሮውን በቀላሉ ይገምተዋል። ቤቱ ሲፈርስ ብዙዎቹ ባለቤቶች ነዋሪውን አስወጥተው ቦታውን ሊሸጡት ፈለጉ። ነዋሪዎቹ ግን ከሰፈራችን አንለቅም ብለው በየመንገዱ ዳር መጠለያ ቀልሰው ተቀመጡ። በየመጠለያው የጋራ ማእድ ቤት ያቋቋሙት፣ የተጎጂውን ስም ዝርዝር የያዙት፣ ስብሰባ የጠሩት በአብዛኛው ሴቶች ነበሩ። ባል ለሥራ ሲወጣ ቀኑን ሙሉ በሰፈር የምትውለው እርሷ ናትና የእያንዳንዱን ጎረቤት ችግር ታውቃለች።

በዚህ ግፊት መንግሥቱ በመሐል ከተማይቱ በሺዎች የሚቆጠሩ ቦታዎችን ወርሶ፣ እዚያው በነበሩበት ሰፈር ከ40,000 በላይ ቤቶችን በአዲስ መልክ ሠርቶና አድሶ ለነዋሪዎቹ አስረከበ። ለዓመታት በአንዲት ክፍል የኖረች እናት የራሷ ማእድ ቤትና የራሷ መታጠቢያ ያለው ቤት ባለንብረት ሆነች። አብዛኞቹ ቤተሰቦች ከዕድራቸው፣ ከገበያቸውና ከልጆቻቸው ትምህርት ቤት አልተለዩም። ዕድር ያልነው የእኛ ቃል ነው፤ ያ ሰፈር ግን እንደ ዕድር ያለ ትስስር ባይኖረው ይህን አያገኝም ነበር።

ቀኑ ተመልሶ ሲመጣ

ከ1978 በኋላ የሕንፃ ደንቡ ተጠናከረ። በጠረፉ ላይ መለኪያዎች ተተከሉ፤ ምድር እዚያ ስትናወጥ ምልክቱ በሬዲዮ ወደ ዋና ከተማይቱ ይደርሳል። የሬዲዮ ምልክት ከምድር ማዕበል እጅግ ስለሚፈጥን፣ ከጠረፍ ለሚነሣ መንቀጥቀጥ ነዋሪው አንድ ደቂቃ ያህል አስቀድሞ ማንቂያ ይሰማል። በየዓመቱም በዚያው ቀን ሕፃን አዋቂው፣ ትምህርት ቤቱና መሥሪያ ቤቱ የመውጣት ልምምድ ያደርጋል።

መስከረም 9 ቀን 2010 ዓ.ም. ልክ በ32ኛው ዓመት፣ ልምምዱ ረፋዱ ላይ ተደርጎ ሕዝቡ ወደየሥራው ተመለሰ። ከቀኑ 7 ሰዓት ከ14 ደቂቃ ላይ 7.1 የሆነ መንቀጥቀጥ ተነሣ። ይህኛው የመጣው ከጠረፍ ሳይሆን፣ ወደ ምድር ሆድ ከገባው ከዚያው የኮኮስ ንጣፍ ውስጥ፣ ከከተማይቱ 120 ኪሎ ሜትር ያህል ርቀት ላይ ነበር። ቅርብ በመሆኑ ማንቂያውና ንቅናቄው ከሞላ ጎደል አንድ ላይ ደረሱ። በአገሪቱ 370 ያህል ሰዎች ሞቱ፤ ከእነርሱም 228ቱ በዋና ከተማይቱ ነበሩ።

ከ1978ቱ ጋር ሲወዳደር ቁጥሩ እጅግ ያነሰ ነው፤ ደንቡና ልምምዱ በከንቱ አልቀረም። ነገር ግን ከወደቁት ሕንፃዎች አብዛኞቹ ከአዲሱ ደንብ በፊት የተሠሩ አሮጌዎች ነበሩ። ከእነርሱም መካከል አንዱ፣ በሠራተኞች ሰፈር የነበረ፣ ሴቶች ልብስና ሌላ ዕቃ የሚሠሩበት ፎቅ ነው። እንደገና ልብስ ሰፊዎች ሞቱ፤ እንደገና በደጁ የተሰለፉት ሴቶች ነበሩ። በከተማይቱ ደቡብ ደግሞ አንድ የግል ትምህርት ቤት ወድቆ 19 ሕፃናትና 7 አዋቂዎች አለቁ። በምርመራ እንደተገኘው፣ በትምህርት ቤቱ ሕንፃ ላይ ከደንብ ውጭ ተጨማሪ መኖሪያ ተሠርቶበት ነበር። የሟች ልጆች እናቶችና አባቶች ለዓመታት ፍርድ ቤት ተመላልሰው ባለቤቲቱ እንድትፈረድባት አድርገዋል።

በ2015 ዓ.ም.ም በዚያው በመስከረም 9 ቀን ሌላ ከባድ መንቀጥቀጥ ደረሰ። የሦስቱ በአንድ ቀን መዋል ግጥምጥሞሽ እንጂ ሌላ ምስጢር የለውም፤ ምድር የቀን መቁጠሪያ አታነብም።

ለእኛስ ምን ይነግረናል?

አገራችን እንደ ሜክሲኮ አንዱ ንጣፍ ከሌላው ሥር የሚገባባት አይደለችም። በእኛ ስምጥ ሸለቆ ንጣፎቹ እየተራራቁ ነው የሚሄዱት፤ ስለዚህ መንቀጥቀጣችን ባብዛኛው ከእነርሱ ያነሰ ነው። ያነሰ ነው ማለት ግን የለም ማለት አይደለም። በ1953 ዓ.ም. በካራ ቆሬ አካባቢ በተነሣው የማጀቴ ከተማ ፈርሳለች። በ2017 ዓ.ም. በፈንታሌና በአዋሽ አካባቢ ለወራት በቆየው መንቀጥቀጥም በአፋርና በኦሮሚያ በአሥር ሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች ከቀያቸው ተነሥተዋል፤ ንቅናቄው አዲስ አበባ ድረስ ተሰምቶ በፎቅ የሚኖሩ ቤተሰቦች ሌሊት ልጆቻቸውን አቅፈው ወርደዋል።

ሜክሲኮዎች ሁለት ጊዜ በከባድ ዋጋ የተማሩት ነገር፣ መንቀጥቀጡን ማስቀረት ባይቻልም ፎቁን፣ ጭነቱንና መውጫውን ማስተካከል የሚቻል መሆኑን ነው። ስለዚህ አንባቢያችን ዛሬውኑ ልታደርጋቸው የምትችላቸውን ጥቂት ነገሮች እናስታውስ።

በቤት ውስጥ፦ ቁም ሣጥንና የመጻሕፍት መደርደሪያ ከግድግዳው ጋር ይታሰር። ከባድ ዕቃ ከላይ አይቀመጥ፤ በተለይ ከሕፃናት አልጋ በላይ ምንም አይሰቀል። የጋዝ ሲሊንደር እንዳይወድቅ ሆኖ ይቀመጥ፤ የሚዘጋበትንም ቤተሰቡ ሁሉ ይወቅ። ባትሪ፣ ውኃና የመድኃኒት መያዣ በአንድ ቦታ ይዘጋጅ። ቤተሰቡ ከተለያየ የሚገናኝበት ገላጣ ስፍራም አስቀድሞ ይወሰን፤ ስልክ ሊቋረጥ ይችላልና።

ንቅናቄው ሲጀምር፦ ፎቅ ላይ ያለ ሰው ወደ ደረጃ አይሩጥ፤ ሊፍትም አይጠቀም። በጠንካራ ጠረጴዛ ሥር ገብቶ ራሱንና ማጅራቱን ይሸፍን፣ ጠረጴዛውንም ይያዝ። ከመስኮት መስታወት ይራቅ። ምድር ቤት፣ በር አጠገብ ያለና ደጁ ገላጣ የሆነለት ግን ሊወጣ ይችላል። ከደጅ ያለ ከግንብ፣ ከአጥርና ከኤሌክትሪክ ሽቦ ይራቅ። ንቅናቄው ሲቆም እሳትና ምጣድ ይጥፋ፣ ሁሉም በጸጥታ ይውጣ፤ ተከታይ መንቀጥቀጥ ሊኖር ስለሚችል ወደ ተሰነጠቀ ቤት መመለስ አይገባም።

በሥራ ቦታ፦ የመውጫው በር በሥራ ሰዓት ክፍት ነውን? መተላለፊያው በጣቃና በካርቶን አልተዘጋምን? ፎቁ ሲሠራ የታሰበለት ጭነት ይህን ያህል ነውን? ነፍሰ ጡር ወይም አካል ጉዳተኛ ባልደረባችንን ማን ያግዛታል? ስማችን በመዝገብ፣ ዋስትናችንም በሕጉ መሠረት አለን? በሳን አንቶንዮ አባድ እነዚህን ጥያቄዎች የጠየቀ አልነበረም፤ የተጠየቁት ድንኳኑ ከተተከለ በኋላ ነው። አንዲት ሠራተኛ ብቻዋን ብትጠይቅ ነገረኛ ልትባል ትችላለች። ሃምሳ ሆነው ሲጠይቁ ግን በሩ ይከፈታል።

በልጆቻችን ትምህርት ቤትም እንዲሁ የወላጅ ስብሰባ ሲጠራ ስለ ክፍያና ስለ ዩኒፎርም ብቻ ሳይሆን፣ በሕንፃው ላይ ፎቅ ተጨምሮ እንደሆነና ፈቃድ እንዳለው፣ ሕፃናቱ የመውጣት ልምምድ አድርገው ያውቁ እንደሆነ ይጠየቅ። «ሳይቃጠል በቅጠል» ይላል ያገራችን ሰው። በዚህ ሳምንት አንዱን ብቻ እንኳ፣ የቁም ሣጥኑን ማሰሪያ ወይም የሥራ ቦታውን በር፣ ብናስተካክል የሩቆቹ እኅቶቻችን ታሪክ በከንቱ አልተነገረም።